ካሚልን መልሱልን

ይህ የደረሰው በእኔ ላይ ነው። ከሰው ሰምቼ አይደለም... በዓይኔ ያየሁት ነው።

ሐሙስ ቀን ነበር። ቦንጋ ከተማ። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ከሩብ።

ቀን ነው ያልኩት። ሱቃችን ክፍት ነበር። መንገዱ ላይ ባጃጅ ይመላለሳል። ፊት ለፊታችን ያለው ፀጉር ቤት ሙዚቃ ከፍቷል።

ከመቀጠሌ በፊት አንድ ነገር ልለምናችሁ። አንብቡት፣ ካላመናችሁም ተዉት። ግን አትተርኩት። በድምፅ አትሥሩት። "እዚህ ጋ እንዲህ ቢሆን ያምር ነበር" አትበሉ።

እኔ ያንን ፈቅጄ ነው እዚህ የደረስኩት።

ስሜ ፈይሩዝ ነው። ሃያ ስድስት ዓመቴ ነው። አባቴ ከስልጤ መጥቶ ቦንጋ ላይ የብትን ጨርቅ ሱቅ ከፈተ። እሱ ሲሞት ሱቁ ለሦስታችን ቀረ። ለእናቴ ለረቢያ፣ ለታላቅ ወንድሜ ለካሚልና ለእኔ።

ካሚል ከሁለት ዓመት በፊት ሞተ።

ከሺሺንዳ በሞተር እየተመለሰ ነበር። ጉም ነበር። ድልድዩን ሳተው... ወንዙ ውስጥ ነው ያገኙት።

ሬሳውን አይቻለሁ። ከመገነዙ በፊት ፊቱን ገልጠው አሳይተውኛል። አገጩ ላይ የልጅነት የእሳት ጠባሳ ነበረው። ጠባሳውን በጣቴ ነካሁት። ይቀዘቅዝ ነበር።

ካሚል ድምፁ ሻካራ ነው። ሲቸኩል ይንተባተባል። ሲስቅ አፉን በእጁ ይሸፍናል። እኔን "ፈይሩ" ነው የሚለኝ።

ሐዘኑ አልወጣልኝ ሲል ጻፍኩት። ደንበኛ በሌለበት ሰዓት ባንኮኒው ላይ ተደፍቼ፣ በደብተር። ስሙን እንኳን አልቀየርኩም። ከዚያ ወደ ስልኬ ገልብጬ ለአንድ የታሪክ ቻናል ላክሁት። ብዙ ሰው አነበበው። ብዙ ሰው አለቀሰ።

አንድ ቀን ሚሊዮን የሚባል ሰው ከአዲስ አበባ ደወለልኝ። ትረካ ያዘጋጃል። ክፉ ሰው አይደለም። እስከ ዛሬም ክፉ አልለውም።

"ታሪክሽን በድምፅ ልንሠራው እንፈልጋለን። በተዋንያን፣ በሙዚቃ። አራት ክፍል ይወጣዋል።"

"አንድ ነገር ብቻ" አልኩት። "መጨረሻውን አትንኩብኝ። ካሚል ሞቷል። ሞቱን አትቀይሩት።"

"ምን ነካሽ ፈይሩዝ! ያንቺ ታሪክ እኮ ነው።"

ውል ላከልኝ። አራት ገጽ ነው። ደንበኛ ፊቴ ቆማ ጨርቅ እየቆረጥኩላት ነበር። አላነበብኩትም። የመጨረሻውን ገጽ ፎቶ ኮፒ ቤት አሳትሜ ፈረምኩና በስልኬ አንስቼ ላክሁለት።

አለቀ። በሁለት ደቂቃ ውስጥ ወንድሜን ሰጠሁት።

ክፍል አንድ ሲወጣ ደስ ብሎኝ ነበር። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም፤ የጻፍኩትንም አንብባው አታውቅም። ስልኬን ባንኮኒው ላይ አድርጌ ከፈትኩላት።

ካሚልን የሚጫወተው አሞጽ የሚባል ልጅ ነው። ወፍራም፣ ለስላሳ ድምፅ አለው። ዜና የሚያነብ ይመስላል። ደግሞ በየመሃሉ ያፏጫል።

ካሚል አያፏጭም ነበር። እናቴ ቤት ውስጥ ፉጨት አትወድም።

በትረካው ውስጥ ያለችው እናት ደግሞ ጎንደሬ ትመስላለች። ሰው ሁሉ ለእሷ "የኔ እመቤት" ነው። እኔን የምትጫወተው ሊና ትባላለች። ስትስቅ ደስ ትላለች። እኔ እንደዚያ ስቄ አላውቅም።

እናቴ እስከ መጨረሻው ሰማች።

"ይሄ ካሚሌ ነው?"

"ተዋናይ ነው፣ እማ።"

"አውቃለሁ" አለችኝ። "ድገሚልኝ እስቲ።"

ክፍል ሁለት ላይ ሞተሩ ወደቀ። ወንዙ ካሚልን ይዞት ሄደ። ሙዚቃ... ከዚያ ዝም።

አልሞተም። ሞተ አላሉም።

ከሥር የተጻፈውን አስተያየት አየሁ። በሺህ የሚቆጠር ሰው አንድ ዓይነት ነገር ጽፏል።

ካሚልን መልሱልን። ካሚልን መልሱልን። ካሚልን መልሱልን።

ሚሊዮን ጋ ደወልኩ።

"ምን እያደረጋችሁ ነው?"

"አድማጩ አልፈቀደም ፈይሩዝ። ውሉ ላይ አለ እኮ፣ ገጽ ሦስት።"

የዚያን ቀን ነው ውሉን ያነበብኩት። "አዘጋጁ ገጸ ባሕርያትን፣ ድርጊቶችንና መጨረሻውን እንደ አስፈላጊነቱ የመለወጥ መብት አለው።"

"ወንድሜ ነው" አልኩት።

"ገጸ ባሕርይ ነው" አለኝ፣ ቀስ ብሎ። ሊያስቀይመኝ አልፈለገም።

ክፍል ሦስት ላይ ማር ቆራጮች ማንኪራ ጫካ ውስጥ አገኙት። ግራ እግሩ ተሰብሯል። የመጣበትን አያስታውስም። አንዲት አሮጊት ወተት ታጠጣዋለች።

በማግስቱ እናቴ ሱቁ በር ላይ ቆማ መንገድ መንገዱን ስታይ አገኘኋት።

"ፈይሩዝ... ማንኪራ ድረስ ሰው ብንልክስ?"

እጇን ይዤ ወደ ውስጥ መለስኳት።

"እማ፣ ቀብረነዋል እኮ።"

"አውቃለሁ" አለች። ግን ለማለት ጊዜ ወሰደባት።

ሰኞ ጠዋት ሱቁን ስከፍት ደፉ ላይ የደረቀ የጭቃ ዱካ ነበር። የቀኝ እግሩ ጫማ ጥርት ብሎ ይታያል። የግራው ግን... ተጎትቷል።

ደንበኛ ነው ብዬ ጠረግኩት።

ማክሰኞ እናቴ ለአንዲት ገዢ ጨርቅ ስታቀብል "እንኪ የኔ እመቤት" አለቻት።

እናቴ እንዲህ ብላ አታውቅም። የስልጤ ሴት ናት። ዘወር ብዬ አየኋት። እሷም ደንግጣ አፏን ያዘች። ቃሉ ከየት እንደመጣባት አላወቀችም።

ሐሙስ ክፍል አራት ወጣ።

ካፊያ ነበር። እናቴ በርጩማ ላይ ተቀምጣ ስልኩን ጆሮዋ ሥር ይዛዋለች። በትረካው ውስጥም ይዘንባል። አንድ ሰው እግሩን እየጎተተ መንገድ ላይ ይመጣል። እያፏጨ።

መስማት አልቻልኩም። ስልኩን ከእጇ ቀምቼ ዘጋሁት።

ፉጨቱ ግን አላቆመም።

ከውጭ ነበር የሚመጣው። ከፀጉር ቤቱ በኩል።

ቀረበ...

እግሩን ሲጎትት ይሰማኛል። ቀኙ ይረግጣል፣ ግራው ይጎተታል። ይረግጣል... ይጎተታል።

በሩ ላይ ቆመ።

የካሚል ፊት ነው። ወላሂ የካሚል ፊት ነው። ግን አገጩ ላይ ጠባሳ የለም። የልጅነት ኩፍኝ የተወው ነጠብጣብ የለም። ቆዳው እንደ ትረካው ሽፋን ሥዕል የጠራ ነው። ዝናብ ውስጥ መጥቶ ፀጉሩ አልራሰም።

"እማ፣ ዘገየሁ። ይቅር በይኝ" አለ።

የአሞጽ ድምፅ ነበር።

እናቴ ጮኸች። ሄዳ ተጠመጠመችበት። እንደዚያ ስታለቅስ በቀብሩ ቀን እንኳን አላየኋትም።

አንድ ነገር ብቻ አሰብኩ። ተዋናዩ ነው። ለማስታወቂያ ብለው ልከውታል። ሰው በቁስላችን እየቀለደ ነው።

በጓሮ ወጥቼ ሚሊዮን ጋ ደወልኩ።

"አሞጽን ለምን ላካችሁብን? እናቴ የልብ ሕመምተኛ ናት!"

"የት ነው የላክነው?" አለኝ። "አሞጽ እዚሁ ስቱዲዮ አጠገቤ ነው። እንኪ አናግሪው።"

ስልኩ ከእጅ ወደ እጅ ሲያልፍ ሰማሁ።

"ሄሎ... ፈይሩዝ?" አለ አሞጽ።

በዚያችው ቅጽበት ከውስጥ፣ ከሱቁ፣ ያው ድምፅ ጠራኝ።

"ፈይሩዝ?"

ሁለቱ እኩል ነው የወጡት። አንዱም ሳይቀድም።

አሞጽ በስልኩ ውስጥ ሲተነፍስ ይሰማኛል። ከዚያ በሹክሹክታ...

"እኅቴ... ከኋላሽ የሚያወራው ማን ነው?"

"አላውቅም።"

"የኔ ድምፅ ነው እኮ።"

ስልኩ ተዘጋ። መልሼ ብደውል አላነሳም።

ሮጬ ጎረቤታችን ጋሽ ሀብተ ማርያም ቤት ገባሁ። ጡረታ የወጡ የመንግሥት ሠራተኛ ናቸው። ካሚል ሲሞት ሥራቸውን ሁሉ ትተው ከእኛ ጋር የቆዩ ሰው። መስኮት ላይ ተቀምጠው ሱቃችንን እያዩ ፈገግ ብለዋል።

"ጋሼ፣ አዩት?"

"አየሁት እንጂ! እንኳን ደስ አላችሁ። እግሩም ደህና ሆኗል፣ ትንሽ ነው የሚያነክሰው።"

"ጋሼ... ካሚል ሞቷል እኮ።"

"በስመ አብ! ምን ዓይነት ሟርት ነው?" ተቆጡኝ። "እግሩን ነው እንጂ የተጎዳው።"

"ቃሬዛውን የተሸከሙት እርስዎ ነበሩ!"

አላስታወሱም። ዓይናቸው ውስጥ ምንም አልነበረም። ግን ቀኝ እጃቸው ቀስ ብሎ ተነሣና የግራ ትከሻቸውን ማሸት ጀመረ። ቃሬዛው ያረፈበትን። ለምን እንደሚያሹት አያውቁም... ዝም ብለው ያሻሉ።

ማታውን ሰፈሩ ሁሉ ቤታችን ገባ። ለቅሶ የተቀመጡት ሰዎች ናቸው፤ እንኳን ደስ ያላችሁ ይላሉ። አንድም ሰው ቀብሩን አላነሣም። ቻናሉን ከፍቼ የጻፍኩትን ፈለግኩ። ከላዩ "ታሪኩ እንደ ትረካው ተስተካክሏል" ይላል። ከሥሩ ስሜ አለ። ሞቱ የለም።

ደብተሬ ብቻ ቀረኝ።

ዓርብ ጠዋት ለእናቴ አነበብኩላት። በእጄ የጻፍኩትን። ጉሙን፣ ድልድዩን፣ ያጠቡትን ሰዎች ስም፣ አፈሩ ሲገባ የነበረውን ድምፅ።

እስከ መጨረሻው አልሰማችኝም። ደብተሩን ነጠቀችኝና ገጾቹን ቀደደቻቸው።

"ልጄን አትግደይብኝ!" አለችኝ። "አንድ ጊዜ ገደልሽው። ጽፈሽ ገደልሽው! አሁን መጣልኝ። ሁለተኛ አትግደይብኝ።"

ምን ልበላት? እናንተ ብትሆኑ ምን ትሏት ነበር?

ወረቀቱን ከመሬት ለቀምኩ።

በምሳ ሰዓት ያ ሰው በግራ እጁ በላ። በእኛ ቤት በግራ እጅ አይበላም። እናቴ እያየችው ወጥ ጨመረችለት።

ሁለታችን ብቻ ስንቀር ጠየቅኩት።

"ካሚል... አባባ ሊሞት ሲል ለአንተ ምን አለህ?"

ይህን የጻፍኩት ታሪክ ውስጥ አላስገባሁትም። ካሚልና እኔ ብቻ ነን የምናውቀው።

ፈገግ ብሎ አየኝ። ፈገግ እንዳለ ቀረ። ዓይኑ አይርገበገብም፣ ደረቱ ከፍ ዝቅ አይልም። ደቂቃው ረዘመ... ዝንብ መጥታ ከንፈሩ ላይ አረፈች። አላባረራትም።

የእናቴ እርምጃ ከውጭ ሲሰማ ነው የተንቀሳቀሰው። ጎንበስ ብሎ ጆሮዬ ሥር፦

"ክፍል አምስትን ሰማሽ?"

"ክፍል አምስት የለም። አራት ነው።"

"አለ" አለኝ።

ሚሊዮን ጋ ደጋግሜ ደወልኩ። በስንተኛው እንደሆነ አላውቅም፣ አነሣ። ድምፁ ተለውጧል።

"ክፍል አምስትን ማን ነው የሠራው?"

"እኛ አይደለንም።"

"ታዲያ ማን?"

"አላውቅም፣ ወላዲተ አምላክን! አላውቅም። ሌሎች ቻናሎች ወስደው ቀጥለውታል። የሊና ድምፅ አለበት፣ ሊና ግን አልቀዳሁም ትላለች። የኛን አራቱንም አጠፋኋቸው ፈይሩዝ፤ ለአንቺ ብዬ። ሌላ ቦታ እንደገና ወጡ።"

"አስቁምልኝ።"

"እንዴት?" አለኝ።

"እንደምንም አስቁምልኝ!" አልኩት።

"ከእጄ ወጥቷል" አለኝ። እያለቀሰ ነበር መሰለኝ።

ያንን ቤት መልቀቅ ነበረብኝ። እናቴን አብረን እንሂድ ብዬ ለመንኳት። ከመሄዴ በፊት ጉልበቷን ይዤ ለመንኳት። "ልጄ ገና መምጣቱ ነው፣ ወዴት ልሂድ?" አለችኝ። ፊቷ ላይ የነበረው ደስታ... እሱን ለመንጠቅ አቅም አጣሁ። ትንሽ ልብስ በቦርሳ ይዤ፣ ዋጫ የምታስተምር የሺሃረግ የምትባል ጓደኛዬ ጋ ለመሄድ ከሰዓት በኋላ ሚኒባስ ተሳፈርኩ።

ከከተማው እንደወጣን ሾፌሩ ስልኩን ከቴፑ ጋር አገናኘ። ሙዚቃ ወጣ። ሙዚቃውን አውቀዋለሁ።

"ክፍል አምስት" አለ ተራኪው።

"እህትየዋ በወንድሟ መመለስ አልተደሰተችም። ልቧ ጠቁሮ ነበር። በዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ ትንሽ ቦርሳ ይዛ ወደ ዋጫ ተሳፈረች..."

"አውርደኝ!" አልኩ። የሰማኝ ግን የለም።

"...በስምንተኛው ቀን ግን ተመለሰች። ተለውጣ ተመለሰች። ያቺ ነጭናጫ ልጅ የለችም፤ በቦታዋ ሳቂታ፣ ደግ እህት መጣች።"

አጠገቤ የተቀመጠች ሴት "ተመስገን! ያቺ ልጅ አስጠልታኝ ነበር" አለች።

የሺሃረግ ቤት ስደርስ ለራሴ ማልኩ። በስምንተኛው ቀን አልመለስም። እሱን እንኳን እኔ እወስናለሁ።

ስምንተኛው ቀን ዓርብ ነበር። ከየሺሃረግ ቤት ደጃፍ አልወጣሁም። በሩን ቆልፋ ቁልፉን እንድትይዝ ነገርኳት። ቀኑ አለፈ። ቅዳሜ ጠዋት እንደማሸነፍ ቃጥቶኝ እናቴ ጋ ደወልኩ።

"እማ፣ እኔ ነኝ። ፈይሩዝ።"

"ፈይሩዝማ ትናንት መጣች" አለችኝ። "እዚሁ አጠገቤ ናት። አንቺ ማነሽ?"

ከጀርባዋ ሴት ስትስቅ ሰማሁ። የሊናን ሳቅ።

በመጀመሪያው ሚኒባስ ተመለስኩ። እኩለ ቀን ላይ ቦንጋ ገባሁ። ገበያ ቀን ስለሆነ መንገዱ በሰው ተሞልቷል። ሱቃችንም ሞልቷል።

ያ ሰው ባንኮኒው ኋላ ቆሞ ጨርቅ ይቆርጣል። አጠገቡ አንዲት ልጅ በሜትር ትለካለች። ቀሚሱ የኔ ነው። ሻርፑ የኔ ነው። ከእኔ ታምራለች።

"ፈይሩዝ፣ ለኔም ሦስት ሜትር ቁረጪልኝ" አሉ ጋሽ ሀብተ ማርያም።

"እሺ ጋሼ" አለች ልጅቷ።

እኔን ገፋ አድርገው አለፉ። አላወቁኝም።

ገባሁ። እናቴ በርጩማዋ ላይ ነበረች። ፊቷን አየሁት። ሽብሽቡ የለም። የሁለት ዓመት ሐዘን ያወጣው ሽበት የለም።

"ግቢ የኔ እመቤት" አለችኝ። "ምን ልታዘዝ?"

ድምፁ የእናቴ አልነበረም። የትረካዋ እናት ድምፅ ነበር።

አንገቴን ደፋሁ። ያን ጊዜ ነው ያየሁት።

ከጀርባዋ ሱቁን ከጓዳው የሚለየው መጋረጃ ተዘግቷል። መጋረጃው ወለሉን አይነካም፣ ስንዝር ያህል ያጥራል።

ከሥሩ እግር ይታያል።

የሴት ባዶ እግር። ጣቶቹ ላይ ሂና አለ። ለአረፋ እኔው የቀባኋት ሂና ነው፤ ትንሿ ጣት ላይ እጄ ስቶኝ ያበላሸሁት እንኳን አለ።

ከእሱ ራቅ ብሎ የወንድ እግር። እርጥብ ነው። የወንዝ ጭቃ ይንጠባጠብበታል።

ሁለቱም ወደ እኔ ዞረው ቀጥ ብለው ቆመዋል። አይንቀሳቀሱም።

በመሃላቸው ክፍት ቦታ አለ። አንድ ሰው የሚያስቆም።

ከዚያ የእናቴ እግር... ቀስ ብሎ... ትንሽ ፈቀቅ አለ። ቦታውን ሊያሰፋልኝ።